ባንድዊድዝ ማለት

ኮሮና ተማሪዎችን ቤት ባስቀመጠበት ጊዜ ነው። በምሠራበት ዐረብ አገር፣ ከዐይን ኻሊድ ወደ ሱቅ ዋቂፍ በሚሄደው አውቶብስ ላይ ሁለት የአገሬ ሴቶች ከፊቴ ተቀምጠው ያወሩ ነበር።

«ጽጌ፣ የልጅሽን ምርቃት በኢንተርኔት አየሽው?»

«ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው። አንዴም አልተቆራረጠብኝም።»

«የቤታችሁ ኔት ይንቀራፈፋል ስትዪኝ አልነበር?»

«ባንድዊድዙ ስለማይበቃ ነው።»

«ምንድን ነው ደግሞ እሱ?»

«በአንድ ጊዜ ማለፍ የሚችለው የኢንተርኔት መጠን ነው። የአሠሪዬ የማዳም ልጆች ሲማሩ፣ ባሏ ባባ በኢንተርኔት ሲሰበሰብ፣ ሁሉም አንዱን ዋይፋይ ይሻማሉ። እኔ ጋ ሲደርስ ምስሉ ቀጥ ይላል።»

«ቃሉን ከማን ሰማሽው?»

«ከትልቋ ልጅ። ትምህርቷ በተቋረጠ ቁጥር እሱን ነው የምታማርረው።»

«ታዲያ እንዴት አደረግሽ?»

«ማዳምን ለመንኳት። ልጄ ነርስ ሆና ልትመረቅ ነው፤ ባንድዊድዙን ለአንድ ሰዓት ብቻ ልቀቁልኝ አልኳት።»

«እሷስ?»

«መጀመሪያ ሳቀች። ከዚያ ‹ያላ፣ ሁላችሁም ዋይፋያችሁን አጥፉ› አለቻቸው። ባባም ሳይቀር አጠፋ።»

«ባባ ራሱ?»

«አዎ። የሚያዩት ነገር ሲያጡ ሁሉም ማድ ቤት መጥተው ከኋላዬ ቆሙ። የልጄ ስም ሲጠራ አብረውኝ አጨበጨቡ።»

«አለቀስሽ አይደል?»

«ምን አስለቀሰኝ? ይህን ሁሉ ዓመት የሰው ልጅ ያሳደግኩት ለዚያች ቀን ነው። እልል አልኩ እንጂ፣ ጎረቤት እስኪሰማኝ ድረስ።»

እኔም በአውቶብሱ ዋይፋይ የከፈትኩትን ቪዲዮ ዘጋሁት።