ከመዳፌ ሥር የነበረው ገጽ

ክቡር ሥራ አስኪያጃችን፣ ክቡራትና ክቡራን የሥራ ባልደረቦቼ፤

ይህን ዝግጅት ላሰናዳችሁልኝ ሁሉ ምስጋናዬ ይድረሳችሁ። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ በዚህ ክፍል ስብሰባ ሲጠራ ግማሹ ወንበር ባዶውን ይውል ነበር። ዛሬ ቆመው የሚያዳምጡ ሰዎችም አያለሁ። ኬክ መኖሩን ማን እንደነገራችሁ እንጃ።

ሥራ አስኪያጃችን ስለ እኔ የተናገሩትን ሰምቻለሁ። እንዲያ ያለች ሴት በዚህ ባንክ መኖሯን ቀደም ብዬ ባውቅ ኖሮ ሄጄ እተዋወቃት ነበር። በየጠዋቱ በር ላይ "ዛሬም መጣሽ?" እያሉ ለተቀበሉኝ ለጥበቃችን ለአባባ፣ እግዜር ይስጥልኝ። ለገንዘብ ከፋያችን ለ"ጥይት"ም እንደዚሁ። አዲስ ለገባችሁ ልንገራችሁ፤ "ጥይት" ያልነው ወረፋው ከጠዋት እስከ ማታ ንቅንቅ ስለማይል ነው።

"ንግግሩን አጭር አድርጊው" ተብያለሁ። እሞክራለሁ። ግን እኔ አጭር ነገር ሸጬ አላውቅም፤ የሸጥኩት ሁሉ ሃያ አምስት ዓመት ነው።

እስቲ የቤት ብድር ክፍል ሰዎች፣ አንድ ነገር ልጠይቃችሁ። ከፊታችሁ የተቀመጠ ሰው ሁሉ መጀመሪያ የሚጠይቀው ምንድን ነው? "በወር ስንት ነው?" አይደል? እኔንም የጠየቁኝ ይህንኑ ነው። "ተከፍሎ ሲያልቅ በጠቅላላው ስንት ይሆናል?" ያሉኝን በአንድ እጄ ጣቶች እቆጥራቸዋለሁ። አንዷ የሒሳብ አስተማሪ ነበረች። መልሱን ስትሰማ መነጽሯን አውልቃ ጠረገች፣ መልሳ አደረገች፣ ቦርሳዋን አንሥታ ሄደች።

ደግሞ የመዳፋችን ነገር አለ። ማንም አላስተማራችሁም፣ ሁላችሁም ግን ታደርጉታላችሁ። እኔ ከቀድሞው አለቃዬ ወረስኩት፣ እናንተ ደግሞ ከእኔ። የፊርማው ገጽና የአከፋፈል ሠንጠረዡ የመጨረሻ ገጽ ጎን ለጎን ይዘረጋሉ። የቀኝ እጃችን ጣት "እዚህ ጋ ይፈርሙ" ይላል። ግራ እጃችን ወረቀቱ እንዳይንሸራተት ብሎ ሌላው ገጽ ላይ ያርፋል። የሚያርፈው የት ላይ ነው? ጠቅላላ ድምሩ ላይ።

ውሸት ተናገርን? አልተናገርንም። ድምሩ ተጽፏል። እጅ አረፈበት እንጂ።

ይህን መዳፍ ወንድሜ ሲፈርምም አሳርፌዋለሁ። ዛሬ ልነግራችሁ የፈለግሁትም እሱን ነው።

ወንድም ጋሼ ልብስ ሰፊ ነው። አራት ዓመት ይበልጠኛል። አባታችን ሲሞት ለሁለታችን የትምህርት ቤት የሚከፈል አልነበረም፤ እሱ ደብተሩን ዘግቶ ልብስ ስፌት ቤት ተቀጠረ፣ እኔ ቀጠልኩ። እዚህ ፊታችሁ ቆሜ የማወራው በእሱ የስፌት መኪና ፔዳል ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም። ቤት ሊገዛ ሲነሣ ታዲያ ወዴት ይሂድ? እህቱ ጋ መጣ።

ሁለት ክፍልና መንገድ ዳር የምትወጣ አንዲት ሱቅ ነበረች። አራት መቶ ሺህ ብር ተበደረ፣ ከመቶ ዘጠኝ ተኩል ወለድ። በሃያ አምስት ዓመት ቢከፍል በወር ሦስት ሺህ አራት መቶ ዘጠና አምስት፤ በአሥራ አምስት ዓመት ቢከፍል አራት ሺህ አንድ መቶ ሰባ ሰባት።

"የቱ ይሻለኛል?" አለኝ።

"ትንሹን ክፈል፣ ወንድም ጋሼ። ምን አስጨነቀህ!"

ፈረመ። መዳፌ ሥር አንድ ሚሊዮን ከአርባ ስምንት ሺህ ነበረ። የአሥራ አምስት ዓመቱን ቢወስድ ሰባት መቶ ሃምሳ ሁለት ሺህ ይሆንለት ነበር። በወር ሰባት መቶ እንኳ የማትሞላ ገንዘብ ላለመጨመር ብሎ ሦስት መቶ ሺህ ገደማ ጨመረ። አንድ ቤት ገዝቶ የሁለት ተኩል ቤት ዋጋ ሊከፍል ማለት ነው። የመጀመሪያው ወር ክፍያው ውስጥ ዋናውን ዕዳ የነካው ስንት ነበር? ሦስት መቶ ሃያ ስምንት ብቻ። ወለድ ወደ ገበታው ቀድሞ ይቀርባል፤ ዋናው ፍርፋሪውን ይለቅማል።

ወንድሜ ግን ሰነፍ አይደለም። ትምህርት ቤት ሲከፈት የተማሪ ዩኒፎርም ስለሚሰፋ እጁ ይረጥባል። በመጀመሪያው ዓመት አሥራ ሁለት ሺህ በጋዜጣ ጠቅልሎ አመጣና "ይቺን ብጨምርበትስ?" አለኝ። አሰላሁለት። "በየዓመቱ ይህን ካመጣህ በአሥራ ሦስት ዓመት ትገላገላለህ" አልኩት። ስሌቱ ልክ ነበር። አሁንም ልክ ነው።

በየዓመቱ አመጣ። አንድ ዓመት አላስታጎለም።

የቅድመ ክፍያውን ቅጽ ታውቁታላችሁ። ሁለት ሣጥን አለው። አንዱ "ወርሃዊ ክፍያው ይቀነስ" ይላል፣ ሁለተኛው "የብድር ዘመኑ ይጠር"። እኛ የቱ ላይ ነው ምልክት የምናደርገው? ሳቃችሁ፤ አዎ፣ የመጀመሪያው ላይ። ለምን? ባለጉዳዩ በሚቀጥለው ወር ክፍያው ቀንሶ ሲያየው ተመልሶ ያመሰግነናላ! ከሃያ ዓመት በኋላ ስለሚቀርለት ዓመት ዛሬ መጥቶ የሚያመሰግን ማን አለ? እጄ ለመደችው። የወንድሜንም ቅጽ ስሞላ እጄ ያንኑ አደረገች፤ አሥራ ሦስት ጊዜ። እሱም እህቴ የሞላችው ነው ብሎ ሳያነብ ፈረመ፤ አሥራ ሦስት ጊዜ።

በየዓመቱ ክፍያው ሲቀንስ ደስ ይለው ነበር። "ዕዳዬ እየሟሸሸ ነው እኮ!" ይለኛል። "አዎ፣ እየሟሸሸ ነው" እለዋለሁ። ዘመኑ ግን ንቅንቅ አላለም። እኔ በበኩሌ የሌላውን ሰው ሠንጠረዥ ስመረምር እውል ነበር። የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች ይሏችኋል ይሄ ነው።

የዛሬ ስምንት ወር፣ ሐሙስ ጠዋት፣ ወንድሜና ባለቤቱ መጡ። ግራጫ ሙሉ ልብስ ለብሷል። ለዚያች ቀን ብሎ ራሱ ሰፍቶት ነው። ባለቤቱ ውኃ የማያስገባ የፕላስቲክ አቃፊ በሁለት እጇ ይዛለች። ወረፋ ጠብቀው ተራቸው ሲደርስ ተቀመጡ፤ እህቴ ናት ብለው አልቀደሙም።

"የቤቴን ካርታ ልወስድ መጣሁ" አለኝ፤ ፊቱ በርቶ።

ኮምፒውተሩን ከፈትኩ። መቶ ስልሳ ሰባት ሺህ ሦስት መቶ ሠላሳ ሁለት ይላል። ቀሪ ጊዜ፣ መቶ አርባ አራት ወር። ዘግቼ እንደገና ከፈትኩት። ያው ነው።

"ምን ይላል?"

"ወንድም ጋሼ... ገና አሥራ ሁለት ዓመት አለው።"

ባለቤቱ "የማን?" አለች። የእነሱ አልመሰላትም።

ቅጾቹን አውጥቼ አሳየሁት። ሁለቱን ሣጥኖች አስረዳሁት። ጆሮ ሰጥቶ ሰማኝ፣ አልተቆጣም። ቢቆጣ ምንኛ ደስ ባለኝ! አሥራ ሦስቱን ወረቀት አንድ በአንድ እያገላበጠ አየና እንዲህ አለኝ፤

"ሰው ሱሪ ይዞልኝ ሲመጣ እኔ 'ይጠር ወይስ ይጥበብ?' ብዬ ነው የምጠይቀው። ሳልጠይቅ መቀስ አላነሣም። አንቺ ግን አልጠየቅሽኝም።"

ተነሥተው ሄዱ። ባለቤቱ በኋላ እንደነገረችኝ፣ ኮቱን አውልቆ ሰቀለና የጀመረውን ሥራ ቀጠለ።

ዋናውን መሥሪያ ቤት ለመንኩ። "ፊርማው የራሱ ነው" አሉኝ። እውነታቸውን ነው፣ የራሱ ነው። የጡረታ ገንዘቤን ልክፈልልህ አልኩት። "ጡረታሽን መልሰሽ ለባንኩ? ባንኩ ከእኛ ቤት በልቶ ጠግቧል፣ ተዪው" ብሎ ከለከለኝ። ሁለተኛውን ሣጥን መርጠን፣ ወርሃዊ ክፍያውን ወደ ድሮው መለስነው። የየዓመቱን አሥራ ሁለት ሺህም ሳያቋርጥ እንዲህ ከቀጠለ ዛሬ የቀረው ሦስት ዓመት ከአንድ ወር ነው። ግን ዓይኑ ደክሟል። ክር በመርፌ የምታስገባለት ባለቤቱ ናት።

ከዚያች ሐሙስ ወዲህ ወንድሜ አኩርፎኝ አያውቅም። ሰላም ይለኛል፣ ወንበር ይስብልኛል። ብቻ ምንም ነገር አይጠይቀኝም። ድሮ "ይቺን ደብዳቤ አንብቢልኝ"፣ "እዚህ ቢሮ ደውዪልኝ" የሚለኝ ሰው አንዲት ነገር አድርጊልኝ ማለት ተወ። ወገኖቼ፣ ይህ ነው አንጀቴን ያሳረረው።

ሥራ አስኪያጃችን፣ ባለፉት ወራት የስልክ ሒሳባችን ለምን እንደናረ ጠይቀውኝ ነበር። አሁን አወቁት። በእኔ እጅ ጽሕፈት ምልክት የተደረገባቸውን ቅጾች ሁሉ አውጥቼ ለባለቤቶቹ እየደወልኩ ነበር። ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ሰዎች ናቸው። ብዙዎቹ መጥተው ወደ ሁለተኛው ሣጥን ዞሩ። አንዳንዶቹ ደግሞ "ወርሃዊው መቀነሱ ነው የሚበጀኝ፣ ልጄ ታሞብኛል" አሉኝ። መብታቸው ነው። አንዲት መበለት ግን እስከ መጨረሻው ሰምታኝ "እሱ ይህን ቢያውቅ ደስ ይለው ነበር" ብላ ስልኩን ዘጋችው።

አሥራ ዘጠኙን አላገኘኋቸውም። ስማቸው ወንበሬን የተረከበችው ባልደረባችን መሳቢያ ውስጥ አለ። እህት ዓለም፣ አደራሽን። ስልክ ቢቀይሩም ቤታቸውን አልቀየሩም፤ አድራሻው እኛው ዘንድ ነው ያለው!

ሥራ አስኪያጃችን፣ ፊትዎ ጠቆር ሲል አየሁት። ብድር አትስጡ እያልኩ አይደለም። ያለ ብድር ስንታችን ቤት እናይ ነበር? እኔም የምኖረው በብድር በተገዛ ቤት ነው። የምለው ይህን ብቻ ነው። ስታስፈርሙ ግራ እጃችሁን ኪሳችሁ ክተቱ። ድምሩን ለባለጉዳዩ ጮክ ብላችሁ አንብቡለት። ይደንግጥ። ደንግጦ፣ ቤቱ ሄዶ፣ ከሚስቱ ጋር ተማክሮ፣ ተመልሶ የሚፈርም ሰው ቢያንስ የሚፈርመውን ያውቃል። አንዳንዱ ላይመለስ ይችላል። የሒሳብ አስተማሪዋም አልተመለሰችም፤ እኔ ግን ከሁሉም በላይ የማከብራት እሷን ነው።

ባለፈው እሑድ ወንድሜ ቤት ሄድኩ። ባለቤቱ ዘመድ ልትጠይቅ ወጥታ ነበር። እሱ መስኮቱ ሥር ተቀምጦ የአንድ ኮት ቁልፍ ሊተክል ክሩን በመርፌ ለማስገባት ይታገላል። ክሩን በምላሱ ያረጥባል፣ ወደ ብርሃኑ ያስጠጋል፣ ይስታል። እኔ ቁጭ ብዬ አየዋለሁ። ልርዳህ ለማለት አፌ እምቢ አለኝ፤ በምን አፌ? አምስቴ፣ ስድስቴ ሞከረ። ከዚያ ወደ እኔ ሳይዞር መርፌውንና ክሩን ዘረጋልኝ።

"እስቲ አስገቢልኝ" አለኝ።

ወገኖቼ፣ ዓይኔ ደህና ነው፤ ነገር ግን ሦስት ጊዜ ሳትኩት። ክሩ አይታየኝም ነበር። በአራተኛው ገባልኝ።

ሰኞ እዚያው ሱቅ ሥራ እጀምራለሁ። ቁልፍ እተክላለሁ፣ ጠርዝ እዘመዝማለሁ፣ ክር አስገባለሁ። በሁለት ሰው እጅ ሦስቱ ዓመት ወደ ሁለት ሊወርድ ይችላል ብለን አስልተናል። በዚህኛው ስሌት እሱም አብሮኝ ተቀምጦ፣ እያንዳንዱን ቁጥር ጠይቆ፣ ራሱ ጽፎታል።

እንግዲህ ክቡራትና ክቡራን፣ አንድዬ ቤታችሁን ይባርክ። ከፍላችሁ የምትጨርሱበት ጉልበት፣ ጨርሳችሁ የምትቀመጡበት ዕድሜ ይስጣችሁ። ዕዳችሁ ከዕድሜያችሁ ይነስ። ከፊታችሁ የሚቀመጠው ሰው ሁሉ የእናት ልጅ ሆኖ ይታያችሁ። የበደልኳችሁ ካላችሁ ይቅር በሉኝ። ልብስ የሚጠብባችሁ ካላችሁ ደግሞ ከሰኞ ጀምሮ የት እንዳለሁ ታውቃላችሁ፤ መጀመሪያ እንጠይቃችኋለን።

ደህና ሁኑልኝ።