የእናታቸውን መልክ በፊልም ሲፈልጉ የኖሩት የወይንሐረግ ፍሰሐ

ከሲልቨር ስፕሪንግም ከበርክም ሥራችሁን ጥላችሁ ታላቅ እህታችንን ለመሸኘት የመጣችሁ ወገኖቻችን፣ እግዜር ብድራችሁን ይክፈልልን። የሟችን ሕይወት በአጭሩ ማሰማት ወጋችን ነውና ተራው ለእኔ ለታናሽ ወንድማቸው ለአምሃ ደርሷል፤ እርሳቸው ቢሰሙኝ ኖሮ ዓመተ ምሕረቱን ሁለት ሦስት ቦታ ሳያርሙኝ እንደማይለቁኝ አውቃለሁ።

ዶክተር የወይንሐረግ ከአባታችን ከአቶ ፍሰሐ ወልደ ሰንበትና ከእናታቸው ከወይዘሮ እታለማሁ ይመር በጥር ወር 1929 ዓ.ም. ደሴ ከተማ ተወለዱ። አገሩ በጣልያን እጅ ነበርና በተወለዱ በዓመቱ የእናታቸው ወንድም ተገደሉ፤ ወይዘሮ እታለማሁም ልጃቸውን አዝለው ለወንድማቸው ሲያለቅሱ በዋሉበት ቀን አንድ ጣልያናዊ መንገድ ዳር ካሜራ ተክሎ ለቀስተኛውን ያነሣ እንደነበር አባታችን ደጋግመው ይነግሩን ነበር። ብዙም ሳይቆይ ወይዘሮ እታለማሁ በተስቦ አረፉ፤ አንዲት ፎቶግራፍ እንኳ አልተዉም። አባታችን ኋላ ያገቧቸው እናቴ እንደ ልጃቸው አድርገው ቢያሳድጓቸውም፣ ሰው ሁሉ “ቁርጥ እናትሽን” ባላቸው ቁጥር መስተዋት ፊት ቆመው የቱ የአባታቸው፣ የቱ የእናታቸው እንደሆነ ሲለዩ ይውሉ ነበር።

በወይዘሮ ስሂን ትምህርት ቤት፣ ቀጥሎም በአዲስ አበባ ተምረው በ1950 ዓ.ም. ወደ ሮማ ሲላኩ፣ ቤተ ዘመዱ ሕግ አጥንተው ዳኛ ሆነው ይመለሳሉ ብሎ ይጠብቅ ነበር። እርሳቸው ግን ታሪክ አጠኑ፤ ከዚያም አልፈው ፊልም ቤት ገብተው ቀሩ። “ሲኒማ ለማየት ባሕር ተሻገረች” ተብሎ በቤታችን ብዙ ተሳቀ። ልባቸው የነበረው ግን የለቅሶው ፊልም ላይ ነው፤ የተነሣ ነገር አንድ ቦታ ይቀመጣል ብለው ያምኑ ነበር።

ተመልሰው በዩኒቨርሲቲ ሲያስተምሩ ከአቶ በፍቃዱ ንጉሡ ጋር ትዳር መሥርተው ቢንያምንና ዮዲትን ወለዱ። አብዮቱ መጥቶ ቤቱን ሲበትነው በሮማ በኩል አድርገው ቨርጂኒያ ገቡ፤ አቶ በፍቃዱ በሆቴል ሥራ፣ እርሳቸው በኮሌጅ መምህርነት ልጆቻቸውን አሳድገው፣ ላንድማርክ በሚገኘው አፓርታማቸው የምግብ ጠረጴዛ ላይ ሁለት መጻሕፍት ጻፉ። የመጀመሪያው ሐር ለብሰው በሚያብረቀርቅ ደረጃ ስለሚወርዱ የጣልያን ተዋናዮች፣ ያም ውበት የተራበን ሕዝብ ጦርነት እንዲወድ እንዴት እንዳባበለው የሚተርክ ነው። ስለ ሐር ይህን ያህል የጻፉት እህታችን ራሳቸው ክረምት ከበጋ ከአንድ ቡናማ ሹራብ አይወጡም ነበር።

ሁለተኛው መጽሐፍ ስለ ፕሮፓጋንዳ ፊልሞች ነው። ለእርሱ ሲያጠኑ፣ ዕድሜያቸው ከስልሳ ካለፈ በኋላ፣ ያንን የደሴ ፊልም ሮማ አገኙት። በ2001 ዓ.ም. ሲልቨር ስፕሪንግ በአንድ አዳራሽ ሲያሳዩን ብዙዎቻችሁ ነበራችሁ። በማርሽ ሙዚቃ የታጀበ ነው፤ ተራኪው የደሴ ሕዝብ ጄኔራሉን በደስታ ተቀበለ ይላል፤ ሴቶቹም እጃቸውን ያነሣሉ። ከኋላ የተቀመጠ አንድ ወንድማችን ተነሥቶ “ዶክተር፣ ስቶፕ ያድርጉልን፣ ሼም ነው!” አለ፤ አዳራሹም አጉረመረመ። እርሳቸው ድምፁን ብቻ አጥፍተው እንደገና አሳዩን። ያኔ ዓይናችን ተከፈተ፤ ሴቶቹ ነጠላቸውን ዘቅዝቀው፣ ጥለቱን ወደ አንገታቸው አድርገው ደረታቸውን ይመታሉ። ጣልያኑ ለቅሶን አቀባበል ብሎ ሸጦታል፤ የእኛን ነጠላ አለባበስ የሚያውቅ ተመልካች ይመጣል ብሎ አላሰበም። ደሴ የተወለዱት ወይዘሮ ሐኪማ ድምፅ አውጥተው አለቀሱ፤ ሌሎቹም ተከተሉ። እኛም ከሰባ ዓመት በኋላ ለቅሶ ደረስን።

በዚያ ፊልም ውስጥ ልጅ ያዘለች አንዲት ሴት ጀርባዋን ሰጥታ ትታያለች። ወደ ካሜራው ዘወር ማለት ስትጀምር ሥዕሉ ተቆርጦ ወታደሮች ይመጣሉ። ሁላችንም እናታቸው ናቸው አልን፤ አሳታሚውም የደራሲዋ እናት ብሎ ሽፋኑ ላይ ሊያወጣት ለመናቸው። እንቢ አሉ። “ደሴ ውስጥ ልጅ ያዘለች እናቴ ብቻ አልነበረችም” አሉ፤ ፊልም የሚያታልለንም ማየት የምንፈልገውን እያሳየ ነው ብለው ጽፈው ሳለ፣ ራሳቸው ሲፈልጉ ጊዜ ሕጉን ሊያፈርሱት አልወደዱም። የተቆረጠውን ቁራጭ ፍለጋ በየዓመቱ ሮማ እየተመላለሱ ባዶ እጃቸውን ተመለሱ። ሲመለሱ ኤርፖርት የምቀበላቸው እኔ ነበርሁና፣ ገና ከበሩ ሲወጡ ፊታቸውን አይቼ መጠየቁን እተወው ነበር።

በ2005 ዓ.ም. ካንሰር እንዳለባቸው ተነገራቸው። ሕክምናው አልሆን ሲል ቤቴ ልግባ ብለው ላንድማርክ ተመለሱ፤ ከማረፋቸው ጥቂት ቀናት በፊትም ዮዲትን ያንን ፊልም ክፈችልኝ አሏት። ልጅ ያዘለችው ሴት ጋ ሲደርስ አስቆሟት። ብዙ አይተው አይተው፣ በሕይወታቸው ለማንም ብለውት የማያውቁትን ቃል፣ “እማዬ” አሉ። ዮዲትም በእንግሊዝኛዋ እርግጠኛ ነሽ ወይ ብትላቸው፣ “አይደለሁም። ግን ናፍቃኛለች” አሏት።

መጋቢት 11 ቀን 2006 ዓ.ም. በተወለዱ በሰባ ሰባት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም ድካም ዐረፉ። ባለቤታቸውን አቶ በፍቃዱን፣ ልጆቻቸውን ቢንያምንና ዮዲትን፣ የልጅ ልጆቻቸውን፣ እኛን ወንድምና እህቶቻቸውን፣ በየክፍሉ ያስተማሯቸውንም ሁሉ ትተው ሄደዋል። እግዚአብሔር አምላክ ነፍሳቸውን በደጋጎቹ አጠገብ ያኑርልን፤ ማስረጃ በማይጠየቅበት አገርም ከእናታቸው ፊት ለፊት ያገናኝልን። አሜን።