አሯሯጩ ባሌ

ሰንዳፋ፣ አስፋልቱ ዳር በቆመች መኪና ውስጥ፤ ለብሔራዊ ቡድኑ የማራቶን መምረጫ ውድድር የምትዘጋጀው ትርንጎና በልምምድ ከፊቷ እየሮጠ ፍጥነቱን የሚይዝላት ባሏ ይርሳው፣ ገና ላባቸው ሳይደርቅ።

ይርሳው፦ ውረጂ እንጂ! ዳገቱ ይቀረናል።

ትርንጎ፦ አልወርድም አልኩህ።

ይርሳው፦ ምን ሆንሽ ዛሬ? ሰውነትሽ ሳይቀዘቅዝ ተነሽ በይ።

ትርንጎ፦ ይቀዝቅዝ። መጀመሪያ ስማኝ። አሰልጣኙ ሌላ አሯሯጭ አምጥቶልኛል።

ይርሳው፦ ማንን?

ትርንጎ፦ ካሱን።

ይርሳው፦ ያን ቀብራራ? ፀሐይ ሳትወጣ ጥቁር መነጽር የሚያደርገውን?

ትርንጎ፦ መነጽሩን ተወው። ይሮጣል አይሮጥም?

ይርሳው፦ መሮጡንስ ይሮጣል። እኔ ታዲያ ምን ልሁን? ጃኬት ያዥ?

ትርንጎ፦ ይኸው! ይኼን ፈርቼ እኮ ነው አፌ ተይዞ የከረመው።

ይርሳው፦ በይ ንገሪኛ፣ ምን አጠፋሁ?

ትርንጎ፦ ምንም አላጠፋህም! እሱ እኮ ነው የሚገድለኝ። ጫማህን የሰቀልከው ለኔ ብለህ። ጓደኞችህ ውጭ አገር ሲወዳደሩ አንተ እዚህ ንፋስ ስትከልልልኝ ኖርክ። ሰው የኔን ሜዳልያ ሲያይ አንተን ማን አየህ?

ይርሳው፦ አንድ ቀን ቅር አለኝ ብዬሻለሁ?

ትርንጎ፦ ብትለኝማ በተገላገልኩ! ተጣልተን፣ ተሰዳድበን ይወጣልኝ ነበር።

ይርሳው፦ እሺ፣ ካሱ ምን ሊያደርግልሽ?

ትርንጎ፦ ይርሳው፣ ከፋሲካ ወዲህ እግሬን እየያዝኩ ነው የምሮጠው።

ይርሳው፦ እየያዝኩ ማለት?

ትርንጎ፦ እንዳላልፍህ። ዳገቱ ላይ ተረከዝህን ልረግጥ እደርስና ደከመኝ ብዬ እቀራለሁ። አንተን ማለፍ አፈርኩ፣ በቃ አፈርኩ! እግሬም ዝግታውን ለመደው። ባለፈው ውድድር መሪዎቹ ሲፈተለኩ አላየህም፣ ቆሜ ስቀር? ይኼኛው ደግሞ ካመለጠኝ በኔ ዕድሜ ሌላ አይመጣም።

ይርሳው፦ አንቺ ሴትዮ! እኔ እኮ ስትቀሪ አሞሽ መስሎኝ ነው የምቀንሰው!

ትርንጎ፦ ምን አልክ?

ይርሳው፦ ስታለከልኪ እሰማና፣ ትንሽ ቀዝቀዝ ላድርግላት እላለሁ።

ትርንጎ፦ በስመአብ! አንተ ለኔ ትቀንሳለህ፣ እኔ ላንተ እቀንሳለሁ! ሁለት ጅሎች!

ይርሳው፦ ሁለት ጅሎች።

ትርንጎ፦ እኔ ደግሞ እንዴት ብዬ ደከምክ ልበለው እያልኩ እንቅልፍ አጥቼ! ትራሴ በእንባ ርሶ! ሳቅ እንጂ!

ይርሳው፦ እየሳቅሁ ነው።

ትርንጎ፦ በቃ፣ ካሱ መነጽሩን ይዞ ይቅር። አሁኑኑ ለአሰልጣኙ ደውዬ እነግረዋለሁ። ከዚያ እንወርዳለን። ዛሬ ዳገቱን ሳታዝንልኝ ውጣው፤ እኔም አልራራልህም።

ይርሳው፦ ቆይ።

ትርንጎ፦ ምን ቆይ? አሁን አይደል እንዴ ውረጂ ውረጂ ስትለኝ የነበረው?

ይርሳው፦ ስልኩን አስቀምጪው።

ትርንጎ፦ ምነው?

ይርሳው፦ እግርሽን ስትይዢ ይሰማኝ ነበር። ስንት ዓመት ከኋላዬ የሰማሁት ኮቴ፣ ሲያጥር ይጠፋኛል? ባለፈውም በማን ምክንያት እንደተሸነፍሽ አውቄ ነው ዝም ያልኩት።

ትርንጎ፦ አውቀህ? ካወቅህ ለምን አትፈጥንም ነበር?

ይርሳው፦ አንድም ቀን ቀንሼልሽ አላውቅም፣ ትርንጎ። ያለኝ ፍጥነት እሱ ብቻ ነበር። ካሱ ይምጣ በይው።