በቀይ ክር የታሰሩት ችግኞች

የምስክር ስም፦ በመዝገብ የሰፈረ፤ በአካባቢው «እትዬ መምህርት» የሚባሉ፣ ጡረተኛ
ዕድሜ፦ 79
አድራሻ፦ በብሔራዊ ፓርኩ ውስጥ፣ ከኋላው በር አጠገብ ያለው ክፍል
ቃል የሰጡበት ጊዜ፦ ሐሙስ ሚያዝያ 9፣ ከቀኑ 9፡00 ሰዓት

በቅድሚያ የማርመው ወሬ አለ። «መምህርቷ የፓርኩን ጥበቃ እጅ ከፍንጅ ይዛ አሳሰረችው» እንደሚባል ሰምቻለሁ። እጅ ከፍንጅ የያዝኩት ሰው የለም፤ ክስም አላቀረብኩም። ያደረግኩት ከዚያ ያነሰ ቢሆንም የከፋ ነው። ዛሬ ወደዚህ ፖሊስ ጣቢያ የመጣሁት ማንም ሳይጠራኝ ነው።

ፓርኩ ትንሽ ነው፤ ከዳር እስከ ዳር በእግር አርባ ደቂቃ አይፈጅም። በሌላ ቦታ የጠፉ አገር በቀል ዛፎች እዚያ ቀርተዋል። ባለቤቴ በሕይወት ሳለ የችግኝ ጣቢያው ኃላፊ ነበር። እንዳይነካ የምንፈልገውን ችግኝ እሱና እኔ በቀይ ክር እናስር ነበር። እሱ ከሞተ ስድስት ዓመት ሆኖታል፤ ከዚያ ወዲህ የማስረው ብቻዬን ነው።

በየካቲት ወር የፓርኩ ጽሕፈት ቤት፣ የሚነቀል መጤ አረም ሁሉ ቀይ ምልክት ይደረግበት የሚል ማስታወቂያ በሩ ላይ ለጠፈ። አንብቤዋለሁ፤ የፊደል ግድፈቱንም በእርሳስ አርሜበታለሁ። የራሴን ክር ግን አልቀየርኩም፤ ለማንም አልተናገርኩም።

ማክሰኞ ከጠዋቱ 4፡00 ሰዓት ላይ ውሃ ላጠጣ ስወርድ፣ ጥበቃውን መኮትኮቻ ይዞ አገኘሁት። አርባ ሦስት ችግኝ ነቅሎ ከምሮአል። ባለቤቴ በእጁ ከለቀማቸው የመጨረሻ ዘሮች የበቀሉ ናቸው።

«እትዬ፣ ይኸው አንድ ሳላስቀር ጠረግኩልዎት! ዛሬስ አይመርቁኝም?» አለኝ።

«አንተ ሰውዬ፣ ዓይን የለህም?» አልኩት።

«ኧረ እትዬ፣ ቀዩን አይቼ እኮ ነው!»

ስህተቱ የእኔ መሆኑ ወዲያው ገባኝ። በ5፡00 ሰዓት የፓርኩ ተቆጣጣሪ መጥቶ «ይህን ያደረገ ማነው?» ሲል ግን፣ በጣቴ ወደ ጥበቃው ጠቆምኩ፤ ክሩን ያሰርኩት እኔ መሆኔን አልተናገርኩም። ሆን ብሎ አወደመ ተብሎ የተያዘው በዚያ ነው።

ሁለት ቀን ለምን እንደዘገየሁ መርማሪው ጠይቆኛል። የክሩን ትርጉም ከባለቤቴና ከእኔ በቀር የሚያውቅ ሰው አልነበረም። ለሌላ ከተናገርኩ የሁለታችን መሆኑ የሚቀር መሰለኝ። ይህ ሰውን ለማሳሰር ምክንያት አይሆንም።

ከላይ የተጻፈው ተነቦልኝ፣ ሁለት ቦታ አሳርሜ፣ እውነት መሆኑን አረጋግጫለሁ። ፍርድ ቤት ብጠራም ይህንኑ እደግማለሁ።

ነገ ከጠዋቱ 12፡00 ሰዓት ላይ በቅድሚያ ወደ ጥበቃው ቤት ሄጄ፣ ሚስቱ ከሌላ ሰው ሳትሰማ ይህንኑ እነግራታለሁ። ቀጥሎ በእርጥብ ጆንያ ጠቅልዬ ካቆየኋቸው ችግኞች፣ ሥራቸው ያልደረቀውን አሥራ አንዱን እተክላለሁ። ከዚያ እዚህ ተመልሼ እስኪፈታ በር ላይ እጠብቀዋለሁ። አብረን እንድንመለስ እጠይቀዋለሁ፤ እምቢ ቢለኝ መብቱ ነው።

የምስክር ፊርማ ____________
ቃሉን የተቀበለው መርማሪ ፊርማ ____________