ምልአተ መዓር፣ በጉንዳን ምስክርነት

እንደምን ዋልሽ ጥሩወርቅ? ኧረ አትነሺ፣ አፈር ስሆን አትነሺ! እኔ እዚሁ መደቡ ጫፍ ላይ ትንሽ አረፍ ብዬ እሄዳለሁ። ውርጩስ እንዴት አደረጋችሁ? የኔን የጓሮ ጎመንማ ለብልቦት አደረ። ውቂያውስ? ጨረሳችሁ? እሰይ፣ እግዜር ይመስገን። የኛ ክምር እንደተከመረ ነው። ማን ይውቃው? ገብረኪዳን እንደሆነ ተኝቷል። ባሌ ሞቱን እየጠበቀ ነው፤ ሌላ ሥራ አይመቸውም።

ባለቤትሽስ?... የሉም? ለማኅሌት ወደ ኢየሱስ ቤተ ክርስቲያን ወጡ? ደግ አደረጉ። መቋሚያቸውን ግን ደጅ ተደግፎ አየሁት... ያለ መቋሚያ ማኅሌት መቆም ጀመሩ ማለት ነው። ጉልበታቸው እንዴት ቢበረታ ነው! ጥምጥማቸውም ያውና መጋረጃው ላይ ተሰቅሏል። በዚህ ውርጭ ራሳቸውን ገልጠው ወጡ? እኔን ይብረደኝ! ይሁን፣ የሉም ካልሽ የሉም። ሁለታችን ብቻ ስንሆን ጨዋታው ይጥማል።

ምንድን ነው ከመጋረጃው ወዲያ የሚያስለው?... ድመቷ ናት? አይ፣ በዚህ ብርድ ድመትም ጉንፋን ይይዛታል።

እኔ የመጣሁት ሰው ላማ አይደለም። ሙሉእመቤት ወሬ ታበዛለች ይሉኛል እንጂ ሰው ታማለች ያለኝ የለም። ዛሬ የመጣሁት አንድ ሊቅ ላመሰግን ነው። ስማቸውን አልጠራም። የተመሰገነ ሰው ስሙ ሲጠራ ያፍራል፤ እሳቸው ደግሞ ማፈር አይወዱም።

እኒህ ሊቅ አምና ጋፋት ወርደው፣ ከነዚያ ብረት ከሚያቀልጡት ፈረንጆች ዘንድ ውለው ነበር አሉ። ከፈረንጆቹ አንዱ በአስተርጓሚ፣ "ባገራችን ሽንቱ እንደ ማር የሚጣፍጥ በሽተኛ አለ" ብሎ ነገራቸው። እኔና አንቺ ብንሆን ምን እንል ነበር? "ማነው ቀምሶ ያወቀው?" እንል ነበር። አላዋቂዎች ነና! እሳቸው አልጠየቁም። ስም አወጡለት፤ በአንድ ቀን፣ ያውም በግእዝ! ምልአተ መዓር... ስሙን ስትሰሚው ራሱ አያስደነግጥም? በአማርኛ "ማር በዛበት" ቢሉ ማን ይደነግጣል? ማንስ ያስቀመጠውን የማር ጉንዶ ከጓዳ ያወጣል?

ትርጓሜውንም ከደጀ ሰላሙ ተቀምጠው አስተማሩን። ሰው የበላው ሁሉ ሆድ ሲገባ ማር ይሆናል፤ ማሩም በደም ውስጥ ይሄዳል። በልኩ ሲሆን ጤና ነው። ከልክ ሲያልፍ ምልአተ መዓር ይባላል፤ ሰውየው ውሃ ውሃ ይላል፣ ሽንት ያመላልሰዋል፣ ይከሳል። ሲጎድል ደግሞ ሕጸተ መዓር ይባላል፤ ሰውየው ይንቀጠቀጣል፣ ያልበዋል፣ ዓይኑ ይጨልማል። እንዴት ያለ ትምህርት ነው! እኔ ማይሟ እንኳ ባንድ ቀን ያዝኩት።

በሽታው ሁለት፣ ስሙ ሁለት፣ መድኃኒቱ ግን አንድ ነው። ምልአት የያዘው ሰው ቤቱ ያለውን ማር ሁሉ ወደ ሊቁ ቤት ይልካል፤ የውጩ ማር የውስጡን እንዳይጠራበት። ሕጸት የያዘውም ይልካል፤ እንዲጸለይበት። ሲበዛም ወደሳቸው፣ ሲጎድልም ወደሳቸው... እንዲህ ያለ የማይስት መድኃኒት ሰምተሽ ታውቂያለሽ?

እመቤቴን ታውቂያት የለ? ያቺ ጾም የምታበዛዋ መበለት። ከሦስት ሳምንት በፊት፣ ዓርብ ዕለት ከቅዳሴ ስትወጣ ተንቀጥቅጣ ወደቀች። "ሕጸተ መዓር!" አሉ ሊቁ። እውነታቸውን አልነበረም እንዳልል... ማርያምን፣ እውነታቸውን ነበር! ጉንዶዋን ከቤቷ አስመጡና አንድ ማንኪያ ማር አቀመሷት፣ ብድግ አለች። ሰው ሁሉ እልል አለ። ጉንዶው ግን እስካሁን እየተጸለየበት ነው።

ከዚያ ወዲያ ቃሉ ራሱ ጣማቸው መሰለኝ። የጎረቤታችን የፈንታሁን በሬ ቀንበር አልሸከምም ቢል፣ ምልአተ መዓር። ዲያቆኑ ሁለት ጊዜ ቢያዛጋ፣ ምልአተ መዓር። አንዱ ደግሞ ቤቱ አፈሰሰበትና ሊያማክራቸው ቢመጣ፣ ጣሪያው ምልአተ መዓር ይዞታል አሉት... አይ፣ ይህቺን እንኳ እኔ ሳልጨምራት አልቀርም።

ወደ ገብረኪዳን ልምጣልሽ። እንደምታውቂው ልጃችን ብዙነሽ በጥር ልትዳር ነው። አማቾቻችን ከገሳይ ስልሳ ሰው አስከትለው ይመጣሉ። ለዚያ ብለን በኅዳር ቀፏችንን ቆርጠን አራት ጉንዶ ማር አስቀመጥን። ጠጁ ከገና በፊት ካልተጣለ ለሠርጉ አይደርስም። የገሳይ ሰው ጠላ ብቻ ጠጥቶ ተመለሰ ቢባል ምን ፊት ይዤ ገበያ እወጣለሁ?

በዚህ መሀል ባሌ አንድ ቀን ዳጣ አገኘ። ዳጣ ሲያገኝ ልጅ ይሆናል፤ ያንን የሚያቃጥል በርበሬ እያጠቀሰ አንድ ማሰሮ ሙሉ ጨረሰው። ከዚያማ እንስራውን ገልብጦ ውሃ ጠጣ። እንስራ ሙሉ ውሃ የጠጣ ሰው ምን ይሆናል? ወደ ጓሮ ይመላለሳል! ሊቁ በደጃችን ሲያልፉ አዩት። አንዴ ሲወጣ አዩት፣ ሁለቴ ሲወጣ አዩት፣ በሦስተኛው ገብተው ተቀመጡ።

"በድንጋይ ይፈተን" አሉ። የፈተናው ሥርዓት እንዲህ ነው፤ ከጓሮ ጠፍጣፋ ድንጋይ ይመረጣል፣ በሽተኛው ሲመሽ ይሸናበታል፣ ጠዋት ጉንዳን ከወጣበት ምልአተ መዓር ነው። ጉንዳን አይዋሽም አሉ። እኔም እላለሁ፣ ጉንዳን አይዋሽም። ድንጋዩን ሊመርጡ ጓሮ ወጡ፤ ደከማቸውና እዚያው ድንጋዩ ላይ አረፍ አሉ። እኔ ደግሞ ሊቅ ቤቴ መጥቶ ጉሮሮው ደርቆ አይሄድም ብዬ ከማራችን ብርዝ በጥብጬ አቀረብኩ፤ ጾም አይደል፣ ጠጅ አይሆንም። ሦስት ዋንጫ ጠጡ። እንዴት ያለ የጨዋ አጠጣጥ መሰለሽ! ጨዋ ሰው ዋንጫ አይልስም፤ የመጨረሻዋን ጉንጭ መሬት ላይ ጠብ ያደርጋታል። እሳቸውም እንደ ጨዋ ደንብ ብድግ ብለው ጠብ... ጠብ... ጠብ አደረጓት። ከተቀመጡበት፣ ለፈተናው ከመረጡት ድንጋይ ላይ።

ጠዋት ጉንዳኑ መጣ። ምን ያድርግ? ተጠርቶ ነው የመጣው።

ገብረኪዳን ያንን ሲያይ "አለቀልኝ" አለ። አራቱን ጉንዶ ግን ራሱ ተሸክሞ፣ ሁለት ጊዜ ተመላልሶ፣ ዳገቱን ወጥቶ ሊቁ ቤት አደረሰ። ዳገት ሙሉ ማር ተሸክሞ የወጣ ሰውዬ፣ ቤቱ ተመልሶ "ልሞት ነው" ብሎ ተኛ! ንስሐ ገባ። በሬዎቹን ለማን እንደሚያወርስ ተናዘዘ። "ፍትሃቴ ላይ ብዙ አታልቅሺ፣ ድምፅሽ አያምርም" አለኝ። ይህን እንኳ ይቅር ብዬዋለሁ። ያልቻልኩት ሌላውን ነው፤ "ሟች ልጅ አይድርም፤ ለገሳይ ሰዎች ላኪባቸው፣ ሠርጉ ይቅር" አለ። ሠርጉ ይቅር ጥሩዬ! ብዙነሽ ሦስት ቀን ሙሉ ጥጧን እየፈተለች ታለቅሳለች። 

እኔ ማይም ሴት ነኝ፤ እጄ ግን አያርፍም። ገብረኪዳንን ደግፌ አውጥቼ ሌላ ድንጋይ ላይ አሸናሁት። ሦስት ጠዋት ሙሉ አንዲት ጉንዳን ዝር አላለችም። ከዚያ ደግሞ የፈንታሁን በቅሎ ከሸናችበት ድንጋይ ላይ ብርዝ ጠብ አደረግሁ፤ በማግስቱ ድንጋዩ ጉንዳን ለብሶ አደረ። እንግዲህ በቅሎዋንም ምልአተ መዓር ይዟታል ማለት ነው። ማር ስለሌላት ግን ሊጠይቃት የመጣ ሊቅ የለም።

ይህንን ሁሉ ለባሌ ነገርኩት። "አንቺ ከሊቅ ልትበልጪ ነው? እሳቸው በአፋቸው ድኗል ካላሉኝ አልነሣም" ብሎ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዞረ። ሦስት ጊዜ ላክሁባቸው። ሦስቱንም ጊዜ የሉም ተባለ። ማሩ ከገባ ወዲህ እኒያ ሊቅ ቤታቸው አይገኙም፤ የሰው ችግር እያሯሯጣቸው ይሆናል።

ቅር አይበልሽና ጥሩዬ፣ ይሄ ከእግሬ ሥር የሚሄደው ምንድን ነው?... ጉንዳን! ወይ ጉድ! እንዴት ተሰልፎ እንደሚሄድ እይው። ከደጅ ገባ፣ በመደቡ ሥር አለፈ... ወዴት ነው? መጋረጃው ውስጥ ገባ! ያውልሽ፣ ሌላው ደግሞ ጠግቦ ይመለሳል።

እኔን ድንጋጤ ይግደለኝ! ምልአተ መዓር ቤትሽ ገብቷል እኮ! በሰው ይሁን በድመቷ አላውቅም፤ ጉንዳን ግን አይዋሽም። ሊቁ ያሉትን ታስታውሺያለሽ? ጉንዳን ከወጣበት ቤት ፀሐይ ሳትጠልቅ ማሩ ሁሉ ይውጣ ብለዋል። እኔ ጎረቤትሽ ሆኜ እያየሁ ዝም ልበል? በኋላ ደረት ስትመቺ ምን ብዬ ላፅናናሽ ነው?

ደግነቱ ወንድሜ ጌጡ ሁለት አህያ ይዞ ደጅሽ ቆሟል። እንዲያው ሲያልፍ ነው... ጭድ ሊጭን። ጉንዶ ማሰሪያ ገመድም ይዟል፤ እሱም እንዲያው ነው። አራት ብቻ እወስዳለሁ፣ የሰው አልነካም። የእመቤቴንም በመንገዴ አደርስላታለሁ። ከዚህ በላይ ቢጸለይበት ማሩ ራሱ ይመነኩሳል።

አንቺ አትድከሚ። መጋረጃውን እኔ ልግለጠው?... አልግለጠው? ለምን? ድመቷ ታፍራለች? እሺ፣ አልገልጥም። እንግዲያው በመጋረጃው ሥር አንድ አንድ እያለ ይውጣ።

ጎሽ... አንድ። ወይ ጉድ፣ ድመትሽ እጅ አላት! ሁለት። ቀለበትም አላት። ሦስት። ይህቺ አራተኛዋ ቀለለችኝ... ይሁን፣ ከድመት ጋር ከርማ ሙሉ ሆና ልትመለስ ኖሯል? የእመቤቴም ይኸው መጣች። ጌጡ! ና ተቀበል! ቀስ ብለህ እሰረው፣ ያ ማር ብዙ ጸሎት ሰምቷል።

አንድ ነገር ብቻ ቀረን፤ አንድ ቃል። ጌጡ እዚሁ ቆሞ ይሰማል፣ ሄዶም ለገብረኪዳን ይመሰክራል። እስቲ ድመቷ ስለ ባሌ ምን ትላለች?... አልሰማሁም። ጮክ ትበል! ካልሰማሁ እኮ መጋረጃውን ገልጬ መጠጋቴ ነው... "ድኗል"? ሰማህ ጌጡ? ድኗል! በገዛ ጆሮህ ሰማህ! በል ሩጥ፣ ያንን ሰውዬ ከመደብ አውርደህ አውድማው ላይ አቁምልኝ። ብዙነሽንም እንባሽን ጥረጊ በላት። አህያዎቹን እኔ እነዳቸዋለሁ።

በይ ደኅና ዋይ ጥሩወርቅ፤ ዛሬውኑ ጠጁን ልጥለው። በጥር አንቺ ከሴቶቹ ሁሉ ፊት ትቀመጫለሽ፣ ሙዳ ሥጋ አጎርስሻለሁ። ባለቤትሽም ከማኅሌት ሲመለሱ ንገሪያቸውና ይምጡ። ለሳቸው ከምንጭ የተቀዳ ውሃ፣ በንጹሕ ዋንጫ፣ ለብቻ አስቀምጥላቸዋለሁ።

ገብረኪዳንን ያስነሣልኝ አምላክ ያንቺንም ሰው ይጠብቅልሽ። ዕድሜያቸውን እንደ ማቱሳላ ያርዝምልሽ፤ ሽበት ይጨምርላቸው፣ የልጅ ልጅ ያሳያቸው። በዚያም ረጅም ዕድሜ ሁሉ፣ ከሠርግ እስከ ተዝካር፣ ማር የሚባል፣ ብርዝ የሚባል፣ ጠጅ የሚባል ነገር ከከንፈራቸው ያርቅልሽ! አሜን በይ እንጂ!... ጎሽ። ድመቷስ? እሷ ምነው አሜን ማለት ጠፋት?