«ለሙስሊም አይሸጥ» የምትለው መስመር

ብርነሽን ስንት ዓመት ያንገበገባት አንድ ነገር ነው። ሆላንድ፣ ሄግ ከተማ ከምእመናኑ ጋር ስትጸልይበት የኖረችው፣ የባሏም የቀብር ሽኝት የተደረገበት የኪራይ አዳራሽ ተሸጦ ቢራ ቤት ሆነ። መድረኩ የነበረበት ቦታ ላይ ዛሬ የቢራ መቅጃ ቆሟል። በትራም በዚያ ስታልፍ ፊቷን ታዞራለች።

ስለዚህ ጉባኤዋ ሮተርዳም፣ ሻርሎይስ ሰፈር ያለችውን የራሱን ጸሎት ቤት ሸጦ ሰፋ ወዳለ ቤት ሊዛወር ሲነሳ፣ ብርነሽ ኮሚቴው ፊት ቆመች። «ውሉ ላይ ‹ለሙስሊም አይሸጥ› ተብሎ ካልተጻፈ አልፈርምም!» እሷም የኮሚቴው አባል ናት፤ የአባላቱ ፊርማ ካልተሟላ ደግሞ ሽያጭ የለም። ገዢ ሆና የቀረበችው ሙሂባ ነበረች፤ የወሎ ልጅ፣ ከብርነሽ ጋር አረጋውያንን በየቤታቸው የምትጦር። ለሕፃናት ቁርአንና አማርኛ ማስተማሪያ ቤት ፍለጋ ከተንከራተተች ቆይታለች።

በማግስቱ ብርነሽ ሜትሮ ውስጥ ኑኃሚንን አገኘቻት። ኑኃሚን የጉባኤው ልጅ ናት፤ ሕግ ተምራ ውል የሚያጸድቅ ኖታሪስ ዘንድ ትሠራለች።

«እትዬ ብርነሽ፣ ያንቺን መስመር ኖታሪስ አይጽፍልሽም።»

«አንቺ አልሽኝ?»

«ይቅርታ፣ እርስዎ። እዚህ ስላደግሁ ነው።»

«እናትሽም እዚሁ ናት፤ እሷ አትረሳም። ለምንድነው የማይጽፈው? ቤቱ የኛ አይደለም?»

«የኛ ነው። ግን ሰውን በእምነቱ ለይቶ ቤት መከልከል አድልዎ ነው። ቢጻፍም ዳኛ ፊት አይቆምም።»

«ቢራ ቤት አይሁን ብልስ?»

«እሱን መዋዋል ይቻላል። ምን እንዳይሠራበት ማለት አንድ ነገር ነው፤ ማን እንዳይገዛው ማለት ሌላ።»

ብርነሽ ግራ ገባት። ቢራውን የሚሸጠው ራሱ ሰው አይደል? የምትወርድበት ጣቢያ አለፋት፤ አላስተዋለችም።

«ቆይ፣ አታጣድፊኝ። ‹መስጊድ አይሁን› ብልስ? ይሄ ሥራውን እንጂ ሰዉን አይነካም።»

«ያ ያከራክራል። ዳኛው ሰውን በጓሮ በር ማስወጣት ነው ብሎ ሊሰርዘው ይችላል። ነገ ለኛ የሚሸጥልን ሰው ደግሞ ‹የሐበሻ ጴንጤ ይጮሃል፣ አይግባ› ቢልስ?»

«እኛ አንጮህም! እንጸልያለን።»

«ጎረቤት ይጠየቅ!» ኑኃሚን ሳቀች። «ለመሆኑ የሚያንገበግብሽ... የሚያንገበግብዎ ቢራው ነው ወይስ ሙስሊሙ?»

«ቢራው ነዋ!»

«አዳራሹን ቢራ ቤት ያደረገው ሙስሊም ነበር?»

«ኧረ ፈረንጅ ነው፤ ያውም የተጠመቀ።»

«ሙሂባስ ቢራ ትከፍታለች?»

«ሙሂባ? የሽማግሌዎቹን የቢራ ጠርሙስ እንኳ በጓንት ነው የምታነሳው...»

ሰው የጎዳውን ትቶ ቂሙን አጠገቡ ያገኘው ላይ ሲያራግፍ ስንቴ አይተናል! ብርነሽ በቢራ ነጋዴ ተቆጥታ በቁርአን አስተማሪ ላይ በር ልትዘጋ ነበር። ሕጉ ሙሂባን ብቻ አይደለም የሚጠብቀው፤ ነገ ቤት ፈላጊ የሚሆነውን ጉባኤም ነው። መስመሩ ከቀረ ለልጆች መማሪያ ይገኛል፣ በአንድ ሥራ የሚውሉ ሁለት ሴቶችም ሳይኳረፉ ይኖራሉ።

ብርነሽ ግን ሁሉም ገብቷት አልነበረም። እሑድ ኮሚቴው ፊት እንደገና ቆመች። «ሕጉ አሁንም ግራ ያጋባኛል። ሙሂባ ግን ግራ አታጋባኝም» አለች። መስመሯን አሰርዛ፣ በምትኩ «መጠጥ ቤት አይሆንም» የሚል አስገብታ ፈረመች። ከዚያ ለሙሂባ ደወለች።

«ውሉ ደርሶኛል፤ ‹መጠጥ ቤት አይሆንም› ይላል» አለች ሙሂባ እየሳቀች። «ይሄ ለኔ ነው?»

«ላንቺ አይደለም፣ ካንቺ በኋላ ለሚገዛው ነው። ይልቅ ቅዳሜ ነይ። የጸሎት ቤቱ ማሞቂያ በእርግጫ ካልተመታ አይነሳም፤ አመታቱን ላሳይሽ።»