ፍሬን እምቢ ያለው ሰላይ

አንድ የስለላ ፊልም ላይ ዋናው ሰላይ እኔ ነበርኩ። ሽጉጤ የልጆች መጫወቻ፣ የደህንነት ቢሮው ደግሞ የዳይሬክተራችን እህት የውበት ሳሎን ነው። በመንዳት ግን ስለማልታማ በመኪናው ትዕይንት እተማመን ነበር። በቀረጻው ቀን ከእንጦጦ ቁልቁል ስንወርድ፣ ተዋናይቷ ሂሩት አጠገቤ፣ ዳይሬክተሩ ካሜራውን ይዞ ከኋላችን ተቀምጠው፣ የተዋስናት አሮጌ መኪና ፍሬን እምቢ አለኝ።

"ፍሬን የለም!" ብዬ ጮህኩ።

"ጎበዝ! እንደሱ ፍራ!" አለኝ ዳይሬክተሩ።

"የእውነቱን ነው!" አለች ሂሩት እያለቀሰች።

ማርሽ ቀንሼ መኪናዋን መንገድ ዳር ከነበረ የአፈር ቁልል ጋር አላተምኳት። ቆመች። ማናችንም አልተጎዳንም፤ ዳይሬክተሩ ግን መጀመሪያ ያየው ካሜራው መቅረጹን ነበር።

ፊልሙ መገናኛ አካባቢ ሲመረቅ ሕዝቡ በሽጉጤም በሳሎኑም ሳቀ። እኔ የእንጦጦውን ትዕይንት በኩራት ጠበቅሁ። እሱ ሲደርስ አጠገቤ የተቀመጠ ሰውዬ፣ በጨለማው ሳያውቀኝ፣ "ሌላውስ ይሁን፤ ይሄ ልጅ ግን መፍራት እንኳን አይችልበትም!" አለኝ።

"ወንድሜ፣ ፍሬኑ የእውነት እምቢ ብሎኝ ነው" አልኩት።

አንዴ ፊቴን፣ አንዴ ስክሪኑን አየና "አንተ ነህ እንዴ? ታዲያ ማን አተረፋችሁ?" አለኝ።

"ሰላዩ ነዋ!" አልኩት።